ትራሱና ከዘራው

ሥራዬ ፈረንጅ መሆን ነው። ሲሰሙት የሚያስቅ እንጀራ ነው፤ እኔም ለሃያ ምናምን ዓመት እየሳቅኩ በልቼዋለሁ። እናቴ የኮልፌ ሰው ነበረች፤ አጠና ተራ በርበሬ ትሸጥ ነበር። አባቴ መንገድ ሊሠራ መጥቶ፣ መንገዱ ሲያልቅ ወደ አገሩ የተመለሰ ነጭ መሐንዲስ ነው ተብያለሁ። እሱን በዓይኔ አላየሁትም፤ መልኩን ግን በየቀኑ መስታወት ውስጥ አየዋለሁ። የእናቴ ቀለም እኔ ዘንድ አልደረሰም ማለት ይቻላል። ስሜ ዳንኤል ነው፤ ሰፈር ውስጥ ግን ከልጅነቴ ጀምሮ "ፈረንጁ" ነኝ።

እንዲህ ያለ መልክ ይዞ ተዋናይ ለሆነ ሰው ምን እንደሚሰጠው መገመት አያቅታችሁም። መድረክ ላይ ሚስዮናዊ ሆኛለሁ። በተከታታይ ድራማ ላይ የአሜሪካ ሰላይ፣ የእንግሊዝ ነጋዴ፣ ከእርዳታ ድርጅት የመጣ ኃላፊ፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ሐኪም ሆኛለሁ። ዋናው ሰው ሆኜ ግን አላውቅም። ሁለት ትዕይንት ላይ እገባለሁ፣ ለዋናው ሰው አንድ ከባድ ነገር በእንግሊዝኛ እነግረዋለሁ፣ እወጣለሁ። እንግሊዝኛውንም የለቀምኩት ሰፈራችን ከነበረ ቪዲዮ ቤት ነው፤ አውሮፕላን ተሳፍሬ አላውቅም። አንድ አዘጋጅ፣ እንግሊዝ አገር ተቀምጦ ዕድሜ ልኩን በየፊልሙ "አሜሪካዊው" ብቻ ሆኖ የሚሠራ አንድ አሜሪካዊ እንዳለ ነግሮኝ፣ "አንተ የኛው እሱ ነህ" ብሎኝ ነበር። ደስ ብሎኝ ያላወራሁለት ሰው የለም። ያ ሰውዬ ግን ከቀረጻ ሲመለስም አሜሪካዊ ነው። እኔ ከቀረጻ ስመለስ የበርበሬ ሻጯ ልጅ ነኝ። ይህ ልዩነት ምን ያህል ትልቅ እንደሆነ የገባኝ ከዚህ በታች የምነግራችሁ ነገር ከደረሰብኝ በኋላ ነው።

ሐምሌ ነበር። ቤቴል ውስጥ አንድ ግቢ ተከራይተን ድራማ እየቀረጽን ነው። ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድብ ድምፅ ስለሚያበላሽብን ሥራ ቆሞ፣ ሁላችንም በየታዛው ተጠልለናል። ጌታሁን መጣና አጠገቤ ቁጢጥ አለ። ጌታሁን የመብራት ባለሙያችን ነው፤ ይህን ፊቴን እንዴት አድርጎ ማብራት እንዳለበት ከሱ በላይ የሚያውቅ የለም። ዝምተኛ ነው። ያን ቀን ግን የጥፍሩን ዙሪያ እየላጠ ደም አውጥቶታል።

"ጋሽ ዳኒ፣ አንድ ነገር ልለምንህ። እንቢ ብትለኝም አልቀየምህም።"

"ካልተቀየምክ ምን አስጨነቀህ? ተናገር እንጂ።"

"አባዬን እንዳመመው ሰምተሃል አይደል? ጉበቱ ነው። ሐኪሙ እኔንና እህቴን ለብቻችን ጠርቶ ነገረን። የሚደረግ ነገር የለም፣ መስከረምን ካየም ትልቅ ነገር ነው አለን። እኛ ለአባዬ ጨጓራ ነው አልነው።"

በዚህ አልተደነቅኩም፤ እናንተም አትደነቁም። እኛ ዘንድ የሚከፋ በሽታ የሚነገረው ለቤተሰብ ነው። ለበሽተኛው የሚደርሰው "አይዞህ" ብቻ ነው። የኔም እናት ስትሞት "ትንሽ ብርድ ነው" እየተባለች ነው የሞተችው፤ ያልኳትም እኔ ነኝ።

"ታዲያ ምን ሆነ?"

"አላመነንም። ምግብ አቆመ፣ መድኃኒቱንም አልውጥም አለ። 'እናንተም ሐኪሞቻችሁም ያው ናችሁ። ለኔ አይዞህ፣ ለናንተ ተዘጋጁ ነው የሚሏችሁ። ፈረንጅ ሐኪም አምጡልኝ፤ ፈረንጅ በሽተኛውን አይዋሽም፣ ፊት ለፊት ነው የሚነግረው' ይላል። ይኸው አራተኛ ቀኑ ነው፤ ከውኃ በቀር በአፉ የዞረ ነገር የለም።"

ነገሩ ወዴት እንደሚሄድ ገባኝ። ሳቄ መጣ፤ አፈርኩና ዋጥኩት።

"ጌታሁን፣ እኔ ሐኪም አይደለሁም። ፈረንጅም አይደለሁም።"

"ለሱ ሁለቱንም ነህ። አባዬ ሬዲዮ ነው እንጂ ቴሌቪዥን አያይም፣ አያውቅህም። ሌላ ነገር አልፈልግም፤ እንዲበላልኝ ብቻ ነው። በባዶ ሆዱ ስቃዩን አልቻለውም፣ ጋሽ ዳኒ። ማስታገሻው በምግብ ነው የሚወሰደው።"

አዝኜ ነው እሺ ያልኩት። ይህ እውነት ነው፤ ግን ግማሹ ነው። ሌላውን ግማሽ ካልነገርኳችሁ መጻፌ ዋጋ የለውም። በልቤ "እስቲ እንየው" ብያለሁ። ካሜራ በሌለበት፣ ድጋሚ በማይቀረጽበት፣ አንድ ተመልካች ብቻ ባለበት፣ ያ ተመልካች እስከ መጨረሻው እንዲያምነኝ ማድረግ እችላለሁ ወይ? ሃያ ምናምን ዓመት ሁለት ትዕይንት እየገባ የወጣ ተዋናይ ይህን ቢመኝ ይፈረድበታል? እኔ ፈርጄበታለሁ።

በማግሥቱ የጌታሁንን ታላቅ እህት ትዕግሥትን እዚያው ቤቴል አንድ ካፌ አገኘኋት። የግል ትምህርት ቤት የእንግሊዝኛ መምህር ናት። ዓይኗ ሥር ጠቁሯል። አስተርጓሚዬ እሷ ልትሆን ነው።

"አቶ ዳንኤል፣ አደራዎን፣ አንድ ቃል አማርኛ እንዳያመልጥዎት" አለችኝ። "እሱ የሚናገረውን እንዳልገባዎት ሆነው ይቀመጡ። እኔ በእንግሊዝኛ የምልዎትን ብቻ ይመልሱ። ምናልባት እሱ ያለውና እኔ የምልዎት የተለያየ ቢሆን አይደንግጡ፤ የማደርገውን አውቃለሁ።"

"ብዙ የሚጠይቁ ሰው ናቸው?"

"አናጺ ነበር። ቀጥ ያለ ነገር ይወዳል።" ይህን ብላ ሻይዋን ሳትነካው ተነሳች።

ቅዳሜ ስምንት ሰዓት ላይ ጌታሁን መኪና ተውሶ መጣ፤ ፈረንጅ ሐኪም በታክሲ ተጋፍቶ አይመጣማ። ጋዋኑንና ማዳመጫውን ከአልባሳት ክፍላችን ወስጃለሁ። ከቀራንዮ መድኃኔዓለም ወረድ ብለን ጭቃ ወደሆነ ቅያስ ገባን። በራቸው ላይ ስንወርድ አንዲት ጎረቤት ጃንጥላ ይዘው ቆመው ትክ ብለው አዩኝ።

"እኚህን ሰውዬ የት ነው የማውቃቸው?"

"ፈረንጅ ሁሉ አንድ ነው እኮ፣ እትዬ" አለ ጌታሁን፣ በሩን ከኋላችን እየዘጋ። ፈራሁ። ደስም ብሎኝ ነበር፤ መድረክ ከመውጣቴ በፊት ሁልጊዜ እንዲህ ያደርገኛል።

የጌታሁን አባት አቶ ውበቱ አልጋቸው ላይ ቁጭ ብለው ጠበቁኝ። ከሌሊት ልብሳቸው ላይ ኮት ደርበው፣ ቁልፎቹን እስከ አንገታቸው ቆልፈዋል። ያ ትልቅ ሰውነት ከስቶ ኮቱ ብቻ የተቀመጠ ይመስላል። ዓይናቸው ቢጫ ሆኗል፤ አስተያየታቸው ግን ያልደከመ ነው። ሊነሱልኝ ሞከሩ፤ እጄን ትከሻቸው ላይ አድርጌ መለስኳቸው። ከዘራቸው አልጋው ራስጌ ላይ ተንጠልጥሏል።

ሥራዬን ጀመርኩ። እውነቱን ለመናገር እንደዚያን ቀን አሳምሬ ተውኜ አላውቅም። ማዳመጫውን ከደረታቸው ከማድረጌ በፊት በእጄ አሞቅኩት። ሆዳቸውን ስነካ ዓይኔን ጨፈን አደረግኩ። ጌታሁን የሰጠኝን የምርመራ ወረቀት ወደ መስኮቱ ብርሃን አዙሬ ረጅም ጊዜ አየሁት። ዝም ማለት እውነተኛ ያስመስላል፤ ይህን ከመድረክ ነው የተማርኩት። ከዚያ በእንግሊዝኛ፣ ቀስ ብዬ፣ የጨጓራ ቁስል እንደሆነ፣ የቆየ ስለሆነ እንዳደከማቸው፣ ከበሉና መድኃኒታቸውን ከወሰዱ እንደሚሻላቸው ተናገርኩ። ትዕግሥት ተረጎመችላቸው። እሳቸው እሷን ሳይሆን እኔን ነበር የሚያዩት።

ስጨርስ "ጌታሁን፣ ለዶክተሩ ሻይ አፍላ" አሉ። ጌታሁን ወጣ። እስኪርቅ ጠበቁ።

"ትዕግሥቴ፣ አሁን የምልሽን አንድም ሳታጎድይ ንገሪያቸው። ደጀን ታናሽ ወንድም አለኝ በያቸው። ጥሩነህ ይባላል። ከተለያየን አሥራ ዘጠኝ ዓመታችን ነው። ጥፋተኛው እኔ ነኝ። በመሬት ተቀያይመን፣ የጎረቤት ክምር ያቃጠለው እሱ ነው ብዬ ፍርድ ቤት ቆሜ መስክሬበታለሁ። ውሸቴን ነው። ምዬ ነው የዋሸሁት። ሁለት ዓመት ታሰረ፤ ሚስቱም በዚያው ጥላው ሄደች።"

ትዕግሥት "አባዬ" አለች። እሳቸው እጃቸውን አነሱ።

"አልጨረስኩም። ይህን ተሸክሜ ፈጣሪ ፊት አልቆምም። ድንጋይ ተሸክሜ ወንድሜ ደጅ ላይ ወድቄ ይቅር በለኝ እለዋለሁ። ይህ በስልክ አይሆንም፣ ሰው በመላክም አይሆንም፤ የበደለ ሰው በእግሩ ነው የሚሄደው። እና አይሸፋፍኑልኝ፣ ቁርጡን ይንገሩኝ በያቸው። ጊዜዬ ትንሽ ከሆነ በዚህ ሳምንት እሄዳለሁ፤ መንገድ ላይ ብሞትም እየሄድኩ ልሙት። ጊዜ ካለኝ ደግሞ ዝናቡ ይለፍ፣ ጉልበቴም ይመለስ፣ ከመስቀል በኋላ እሄዳለሁ። የትኛው ነው?"

ይህን ሁሉ ፊቴ ምንም ሳያሳይ ሰማሁ። ቅንድቤን እንኳ አላንቀሳቀስኩም። ቋንቋው እንዳልገባው ሰው ትሕትና የተሞላ ፈገግታ ይዤ አስተርጓሚዬን ጠበቅኩ።

ትዕግሥት ወደኔ ዞረች። ከንፈሯ ደርቋል። በእንግሊዝኛ "አባቴ ያመሰግንዎታል" አለችኝ፤ "ጠላ መጠጣት ይችል እንደሆነ ይጠይቃል።"

አልፈረድኩባትም፣ ዛሬም አልፈርድባትም። ያ ሰውነት የአባይን በረሃ ቁልቁለትና ዳገት በአውቶቡስ እንደማይወጣ ታውቃለች። ልጅ ናት፤ አባቷ አልጋው ላይ እንዲሞትላት ነው የፈለገችው። እኔ ግን ልጃቸው አልነበርኩም። እኔ እውነት እንዲነግራቸው የጠሩት ሰው ነበርኩ።

"ጠላ ለጊዜው ይቅርባቸው" አልኩ በእንግሊዝኛ።

"ጊዜ አለህ፣ አትቸኩል፣ ከመስቀል በኋላ ሂድ ይሉሃል" አለቻቸው።

አቶ ውበቱ ዓይናቸውን ከኔ ወደ እሷ መለሱ። ዝናቡ እንደገና ጀመረ። ከዚያ ቀስ ብለው "ይህን ሁሉ ተናግሬ የመለሱት ሁለት ቃል ነው?" አሏት።

"እንግሊዝኛ አጭር ነው፣ አባዬ።"

"እንግዲያውስ እኔና እሳቸው ያለ ቋንቋ እንነጋገር።"

እጃቸውን ወደ ራስጌያቸው ሰድደው ከዘራውን አወረዱና ጉልበታቸው ላይ አጋደሙት። በከዘራው ወደ በሩ፣ ከበሩም አሻግረው ወደ ውጭ አመለከቱ። ዓይን ዓይኔን እያዩ "አሁን" አሉ። ከዚያ ትራሳቸውን ከጀርባቸው ስበው አወጡና ከከዘራው ጎን አስቀመጡት። መዳፋቸውን ላዩ ላይ አሳርፈው "ከመስቀል በኋላ" አሉ። ሁለቱን ነገሮች ወደኔ ገፋ አድርገው እጃቸውን ሰበሰቡ።

ትዕግሥት በእንግሊዝኛ፣ በተሰበረ ድምፅ፣ "ትራሱን" አለችኝ። "እባክዎን፣ ትራሱን ይንኩለት።"

ያች ደቂቃ አሁንም አላለቀችልኝም። እጄ መሀል አየር ላይ ነበር። "አባባ፣ ይሂዱ፤ ነገ ይሂዱ" ብዬ በእናቴ ቋንቋ መናገር እችል ነበር። አራት ቃል ነው። ነገር ግን ፊታቸው ላይ ያየሁት ነገር ነበር፤ አምነውኛል። ፍጹም አምነውኛል። ሃያ ምናምን ዓመት የፈለግኩትን እምነት አንድ የሚሞት ሰው ዓይን ውስጥ አየሁትና፣ በገዛ እጄ ላፈርሰው አልጨከንኩም። ከገጸ ባሕርዬ ላለመውጣት ብዬ ነው፣ አንባቢዎቼ። ለማሳመር ስንት ጊዜ ሞክሬያለሁ፤ ሌላ ስም የለውም።

እጄን ትራሱ ላይ አሳረፍኩ። ራሴንም ነቀነቅኩ፤ ማንም ያላዘዘኝን።

አቶ ውበቱ ረጅም ትንፋሽ አወጡ። እጄን ከትራሱ ላይ አንስተው ሳሙት። "ተመስገን" አሉ። "ይኸው፣ ፈረንጅ አይዋሽም።" ወዲያው ጌታሁንን ጠርተው አጥሚት አምጣልኝ አሉት። አንድ ኩባያ ሙሉ ጠጡ፤ ጌታሁን ኩባያውን ይዞላቸው እንባው በጉንጩ ይወርድ ነበር። መኪና ውስጥ ስንገባ አንገቴን አቅፎ "አባቴን ሰጠኸኝ" አለኝ። ቤቴ ገብቼ ጋዋኑን ሳወልቅ ግን እጄን ሁለት ጊዜ በሳሙና ታጠብኩ።

ከዚያ በኋላ ያሉትን ቀናት እንዴት እንዳሳለፍኳቸው አላውቅም። ጌታሁን በቀረጻ መሀል እየመጣ "ዛሬ ሽሮ በላ"፣ "ዛሬ ግቢ ወጥቶ ፀሐይ ሞቀ" እያለ ያበስረኛል። እኔ ደጀንን አስባለሁ። ካርታ አውጥቼ ርቀቱን አየሁ፤ የግማሽ ቀን መንገድ ነው።

በሁለተኛው ሳምንት አልቻልኩም። ኮፍያ አድርጌ፣ እንደ ማንኛውም ሰው ለብሼ፣ ከአየር ጤና ታክሲ ይዤ ቀራንዮ ሄድኩ። ልነግራቸው ወስኜ ነበር። በሩን የከፈተችው ትዕግሥት ናት። ስታየኝ ወደ ውጭ ወጣችና በሩን ከኋላዋ ገጠም አደረገችው።

"ምን ሊያደርጉ መጡ?"

"የሰማሁትን ሰምቻለሁ። ወንድማቸውን ሳያገኙ ቢሞቱስ?"

"ቢሄድስ? ጎሐ ጽዮን ሳይደርስ ይሞታል! አስከሬኑን ከአውቶቡስ ላይ ላውርድ?" ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። "ይዩት እስቲ" ብላ በሩን ጣት የሚያስገባ ያህል ከፈተችው።

አቶ ውበቱ ግቢው ውስጥ ነበሩ። በርጩማ ላይ ተቀምጠው ከፊታቸው አንድ ባልዲ ውኃ አለ፤ አንድ የጡብ ያህል ጥቁር ድንጋይ በጨርቅ እያሹ ያጥባሉ። ቀስ ብለው፣ እንጨት እንደሚልጉ ሰዎች፣ እያገላበጡ ያዩታል።

"ትላንት ከአጥሩ ሥር ራሱ መርጦ አወጣው" አለች። "ከመስቀል በኋላ የሚሸከመውን። ከታመመ ጀምሮ እንዲህ ደስ ብሎት አላየሁትም። ይህን ነው የሚነጥቁት?"

ቆሜ አየኋቸው። ከዚያ ወደ ታክሲው ተመለስኩ። ሁለተኛውንም ዕድል ያሳለፍኩት እንዲህ ነው። የመጀመሪያውን በገጸ ባሕርዬ ላሳብብ፤ ያን ቀን ግን ጋዋን አልለበስኩም ነበር።

ፍልሰታ ሊፈታ ሁለት ቀን ሲቀረው አረፉ። ጌታሁን በስልክ ሲነግረኝ "በሰላም ነው፣ ሳይጨነቅ ነው" አለኝ። ቀብሩ ላይ ነበርኩ። ድንኳኑ ውስጥም ከኋላ ጥግ ይዤ፣ ጋቢ ተከናንቤ፣ ሦስቱንም ቀን ተቀመጥኩ። ለሰው የልጃቸው የሥራ ባልደረባ ነኝ።

ወንድማቸው የደረሱት በሦስተኛው ቀን ከሰዓት ነው፤ መርዶው ዘግይቶባቸዋል። ድንኳኑ ውስጥ የቀረነው ጥቂት ነበርን። አንድ ረጅም ሽማግሌ፣ እግራቸው እስከ ባታቸው ጭቃ፣ በሩ ላይ ቆመው አልጮኹም፣ ደረታቸውን አልመቱም። ዝቅ ባለ ድምፅ "ውቤ" አሉ። "ውቤ፣ እኔን ሳትጠራኝ?" መልካቸው ቁርጥ አቶ ውበቱን ነው። ትዕግሥት እግራቸው ላይ ወደቀች።

አስቀመጧቸው። ውኃ ጠጡ። ቆይተው "ስለኔ ምንም አላለም?" ብለው ጠየቁ። እንደዚህ ያለ ጥያቄ በሕይወቴ አልሰማሁም። ያ ረጅም ሰው ልክ እንደ ትንሽ ልጅ ነበር የጠየቁት።

ትዕግሥት ወደ ቤት ገባች። ስትመለስ ድንጋዩን በነጠላ ጠቅልላ ይዛለች። ፊታቸው አስቀምጣ ገለጠችው።

"ከአልጋው ሥር ነበር" አለች። "ሊሸከመው ነበር። እርስዎ ደጅ ሊወድቅ።"

አቶ ጥሩነህ ድንጋዩን ዳሰሱት። ታጥቦ የተወለወለ ነበር።

"ታዲያ ምን ያዘው?"

"ከመስቀል በኋላ ልሂድ ብሎ ነው። ሐኪሙ ጊዜ አለህ ብሎት።"

"የትኛው ሐኪም?"

"ፈረንጅ ሐኪም መጥቶ ነበር" አለ ጌታሁን፣ መሬት መሬቱን እያየ።

"እሱም ዋሸው?" አሉ አቶ ጥሩነህ። ቁጣ አልነበረባቸውም፤ ግራ ነው የተጋቡት። "እኔኮ ከታሰርኩበት ስወጣ ጀምሮ ይቅር ብዬዋለሁ። ታላቄ ስለሆነ መጀመሪያ እሱ እስኪናገረኝ ነው የጠበቅኩት። 'ልመጣ ነው' ብሎ ቢልክብኝ ኖሮ መንገድ ላይ ወጥቼ እቀበለው ነበር። ድንጋዩን ገና ሳያነሳው አስጥለው ነበር።"

ከዚያ በኋላ ያደረግኩትን አስቤ አላደረግኩትም። ተነሳሁ፤ ወንበሬ ወደቀ። ሄጄ ፊታቸው ተንበረከኩ፣ ድንጋዩን አንስቼ ማጅራቴ ላይ አደረግኩት። ቀዝቃዛ ነበር። ከጠበቅኩት በላይ ይከብዳል።

"ሐኪሙ እኔ ነኝ" አልኩ። "ፈረንጅም አይደለሁም፣ ሐኪምም አይደለሁም። ተዋናይ ነኝ፤ የኮልፌ ልጅ ነኝ። አባባ 'አሁን ልሂድ ወይስ ከመስቀል በኋላ' ብለው በአማርኛ ጠይቀውኛል። ሰምቻቸዋለሁ። ቃል በቃል ሰምቻቸዋለሁ። ገብቶኝ ነው ትራሱን የነካሁት። አባባ፣ ይቅር ይበሉኝ።"

አንገቴን ደፍቼ ጭቃ የነካውን ሸራ ጫማቸውን ብቻ ነው የማየው። ድንኳኑ ጸጥ አለ። ጊዜው ረዘመ። ያ የማውቀው ዓይነት ዝምታ አልነበረም፤ በሱ ውስጥ ማንም የሚተውን አልነበረም። በመጨረሻ ሁለት እጆች ድንጋዩን ሲይዙት ተሰማኝ። ከማጅራቴ ላይ አነሱት። እንደምታውቁት፣ ተበዳይ ድንጋዩን ካነሳ ይቅር ብሏል ማለት ነው።

ቀና ስል አቶ ጥሩነህ ድንጋዩን እቅፋቸው ውስጥ አድርገው እያለቀሱ ነበር።

"ያንተንስ አነሳሁልህ" አሉኝ። "የሱን ማን ያንሳለት?"

ተነስቼ የጣልኩትን ወንበር አቆምኩ።

ስወጣ ትዕግሥት እስከ በሩ ተከተለችኝ። "ያስዋሸሁዎት እኔ ነኝ። ለምን ብቻዎን ተሸከሙት?" አለችኝና መልሴን ሳትጠብቅ ተመለሰች። ጌታሁን ወደ ሌላ ድርጅት ሄዷል፤ መንገድ ላይ ስንገናኝ ሰላም እንባባላለን፣ ዓይን ለዓይን ግን አንተያይም። አሁን ፊቴን የሚያበራልኝ ሌላ ልጅ ነው፤ እንደሱ አልሆነልኝም።

እኔ ዛሬም ፈረንጅ እየሆንኩ እሠራለሁ፤ ሌላ ሥራ አላውቅም። የሐኪም ጋዋን ግን አልለብስም። አዘጋጆች "ምን አስኮረፈህ?" ሲሉኝ እስቃለሁ። ስለ እናቴም ብዙ አስባለሁ። "ትንሽ ብርድ ነው" ስላት ያን ጊዜ አንድ ነገር ልትለኝ አፏን ከፍታ መልሳ ዘጋችው። ምን ልትለኝ እንደነበር፣ ማንን ልታስጠራኝ እንደነበር፣ ምናልባትም ስለ አባቴ ምን ልትነግረኝ እንደነበር አላውቅም። ጊዜ አለሽ ስላልኳት ለሌላ ቀን አቆየችው።

እናንተም ይህን የምታነቡ፣ ዛሬ ቤታችሁ ውስጥ "አይዞህ" የምትሉት ሰው ይኖር ይሆናል። ሁሉን ዘርግፉለት አልላችሁም፤ እኔ ለምክር የምበቃ ሰው አይደለሁም። ነገር ግን በሽተኛችሁ "ስንት ጊዜ ቀረኝ?" ብሎ ሲጠይቃችሁ፣ ጊዜውን የሚፈልገው ለአንድ ነገር ነው። ከመመለሳችሁ በፊት ለምን እንደፈለገው ጠይቁት።

አቶ ውበቱ ለምን እንደፈለጉት ለኔ ነግረውኝ ነበር።